በእህቴ ለቅሶ ያወረድኩት ሙሾ

ሰው ሙሾ ማውረድ የተውኩት እርጅና ይዞኝ ይመስለዋል። ይምሰለው። ያስተዉኝ ሴቶች ግማሾቹ በሕይወት አሉ፤ ዘመሮ ገበያ ሳገኛቸው በእጄ ሰላም እላቸዋለሁ እንጂ ጉንጫቸውን አልስምም።

ታናሽ እህቴ የሞተችው መሬት እንደገና በተከፋፈለበት ዓመት፣ በኅዳር ነው። ሁለት ሳምንት ስታቃስት ባሏ "ገብሱ ይግባና ጤና ጣቢያ እንወስድሻለን" እያለ ቃሬዛ የሚሸከም ሰው ሳይጠራ ቀረ። መሬት አከፋፋዮቹ ውስጥ ስለነበር ደፍሮ የተናገረው የለም።

በለቅሶው ጠዋት የባሏ ታላቅ እህት ወደ ጓሮ ጠራችኝ።

"እቴ፣ ያገሩ አስለቃሽ አንቺ ነሽ። ዛሬ የወንድሜን ደግነት አንሺልን። ልጅቷንም ያው፣ ወስደሽ ታሳድጊያታለሽ።"

እኔ ልጅ የለኝም። የእህቴ ልጅ ያኔ አምስት ዓመቷ ነበር፤ ቀሚሴን ይዛ ነበር የምትውለው። "እሺ" አልኩ። ከልቤ ነበር።

ለቅሶው ሜዳ ላይ ቆሜ ባልየውን ማወደስ ጀመርኩ። ያልኩት ሁሉ የትም ለቅሶ የሚባል ነበር። ከዚያ ይህ መጣ፦

ውሰደኝ ብትለው፣ ገብሱ ይግባ አለ፤
ገብሱም ገባለት፣ ቤቱ ግን ጎደለ።

በእኛ አገር አስለቃሽ ያለችውን ሴቶቹ ተቀብለው ይደግማሉ። እነሱም እንደ ልማዳቸው፣ ምን እንደሚሉ ሳያስተውሉ፣ ደረታቸውን እየደቁ ደገሙት። በሦስተኛው ላይ አንዷ ዝም አለች፤ ከዚያ ሌላዋ። በማግስቱ ሁሉም "እኛ አልተቀበልንም" ብለው ማሉ።

ከዚያ ወዲህ ለለቅሶ የጠራኝ የለም። ልጅቷንም የአባቷ ወገኖች ራቤል የሚባል አገር ወዳሉ ዘመዶቻቸው ላኳት።

ለምን አልሽው ሲሉኝ፣ ለእውነት ብዬ ነው ስል ኖርኩ። ግማሹ ልክ ነው። ሌላው ግማሽ፣ ስንኙ አማረኝ። አፌ ላይ ሲደርስ፣ እንደዚያ ያለ ነገር ብዬ እንደማላውቅ ታወቀኝ። መዋጥ አልቻልኩም።

ልጅቷ አግብታ፣ ወልዳ፣ አንድ ቀን ቤቴ መጣች። መደቡ ጫፍ ላይ እንደ እንግዳ ተቀመጠች።

"ያን ቀን ቢዋሹ ኖሮ እርስዎ ነበሩ የሚያሳድጉኝ" አለችኝ።

"ስለ እናትሽ ብዬ ነው።"

"እናቴማ ሞታለች። በሕይወት የነበርኩት እኔ ነኝ።"

ጠላ ቀዳሁላት፤ አልቀመሰችውም።

"ዛሬ ቢሆን ይሉት ነበር?"

ጎንበስ ብዬ እሳቱን ነካካሁ። ነጠላዋን አንስታ ወጣች።