ፊርማ ያልነበረው ማመልከቻ

ሔርሜላ አሜሪካ፣ ኦሮራ ከተማ ውስጥ ለዜግነት ፈተና ከምታስጠናቸው ሰዎች መካከል ከረባታቸውን ሳያስሩ የማይመጡ አንድ ሽማግሌ ታክሲ ነጂ አሉ። የዛሬ ቅዳሜ ትምህርት፣ ሕገ መንግሥቱ እንዲጸድቅ በጋዜጣ ይሟገቱ ስለነበሩት የጥንት አሜሪካውያን ነበር። በብዕር ስም ይጽፉ እንደነበር ስትነግራቸው ሽማግሌው ቀና አሉ።

“እነሱም ስማቸውን ይደብቁ ነበር?”

“አዎ፣ አባባ።”

“እኔም በደርግ ጊዜ አሥመራ ላይ በራሪ ወረቀት እጽፍ ነበር። ሚስቴ እንኳ አላወቀችም።”

ከክፍል በኋላ አንድ ማመልከቻ አሳዩዋት። ኮልፋክስ ጎዳና ላይ አውቶቡስ ለሚጠብቁ ሰዎች መጠለያ እንዲሠራ ለከተማው ምክር ቤት የጻፉት ነው።

“በጣም ጥሩ ነው፤ ግን አልፈረሙበትም” አለቻቸው።

ወረቀቱን መልሰው አዩት። ከዚያ እስክሪብቶዋን ተቀብለው ስማቸውን ከነአያታቸው ጻፉ።

“ስልኬንም ልጨምርበት” አሉ፤ “ምናልባት ይደውሉልኝ ይሆናል።”