ወደ ኋላ የተዘረጋ እጅ

እኚህ እናት ቅዳሜ ቅዳሜ ሲመጡ እኛ የሱቁ ሻጮች «ሐውልታችን መጡ» እያልን እንጠቃቀሳለን። ክርኑ የሳሳ የድሮ ቱታቸውን ለብሰው በቀጥታ ወደ መሞከሪያው መም ይሄዳሉ። የምንሸጠው ለሯጮች ጊዜን የሚያዘገይ አምባር ነው፤ ሌላው ደንበኛ ቁልፉን ተጭኖ ወደ ፊት ይፈተለካል። እሳቸው ግን አምባሩን አስረው ቁልፉን ከተጫኑ በኋላ ቀኝ እጃቸውን ወደ ኋላ ዘርግተው፣ መዳፋቸውን ከፍተው ቀጥ ይላሉ።

ዛሬ አላስችል አለኝ። «እትዬ፣ ምነው አይሮጡም?» አልኳቸው።

«ሮጫለሁ ልጄ፤ ከታናሽ እህቴ ጋር፣ ዱላ ቅብብል» አሉኝ ዓይናቸው በርቶ። «ገና ዱላውን ሳታቀብለኝ እየተነሳሁ አስቸግራት ነበር። ነፍሷን ይማርና፣ ‹ኧረ ቆዪኝ!› እያለች ከኋላዬ ትጮህ ነበር።»

መዳፋቸው እንደተከፈተ ነው።

«ይኸው፣ እየቆየኋት ነው።»