በሐምሌ የተላገ በር

ሥራ የገባሁ ቀን የወረቀት ሥራ የሚሰጡኝ መስሎኝ ነበር። አሥራ ሁለተኛ ክፍል ጨርሻለሁ፣ የእጅ ጽሑፌም ጥሩ ነበር። ሃያ ሁለት አካባቢ የነበረው የእንጨት ሥራ ቤት ፎርማን ጋሽ ወርቁ ማመልከቻዬን ሳያነቡ አጥፈው ኪሳቸው ከተቱና «እጅሽን አሳዪኝ» አሉኝ። ዘረጋሁላቸው። መዳፌን በአውራ ጣታቸው ጫን ጫን አደረጉ። «ለስላሳ ነው። ሸካራውን ቶሎ ያገኘዋል» አሉና ብርጭቆ ወረቀት ሰጥተው ከአንድ የቁም ሣጥን በር ፊት አቆሙኝ።

ሴት እኔ ብቻ ነበርኩ። ወንዶቹ ምሳ ሲደርስ በአንድ ትሪ ከበው ይበላሉ። ክፉ ሰዎች አልነበሩም፤ ግን ነይ ያለኝ አልነበረም፣ እኔም ልቀላቀል አላልኩም። የዋንዛ ጣውላ ክምር ላይ ተቀምጬ ምሳዬን እበላለሁ። ሠላሳ አንድ ዓመት እዚያው ክምር ላይ በላሁ ማለት ይቻላል፤ የሚለወጠው ጣውላው ነበር።

መላጊያ የያዝኩት በሁለተኛው ዓመት ነው። አንድ የጠረጴዛ ፊት ሳለሰልስ ከጣቴ ሥር ክር የመሰለ ቀጭን መስመር ተሰማኝ። ሁለተኛው ጣውላ ላይም ያው መስመር፣ ያው ቦታ ላይ። ለጋሽ ወርቁ «የተላገበት መላጊያ ስለቱ የተሸረፈ ይመስለኛል» አልኳቸው።

«አሁን ደግሞ የስለት ሐኪም መጣችልን!» አለ የመላጊያው ባለቤት፣ ደምሴ የሚባል አናጢ። ሁሉም ሳቁ።

ጋሽ ወርቁ ምላጩን ነቅለው ወደ ብርሃን አዞሩት። ጥርሱ የወለቀ ልጅ ይመስል ነበር። ምላጩን ከመሳያ ድንጋዩ ጋር ለእኔ ሰጡኝና «አንቺ ያገኘሽውን አንቺ አጥፊው» አሉኝ።

ከዚያ በኋላ ያስተማሩኝ ይህን ነው። ረጅሙ መላጊያ ለረጅም ጠርዝ ነው፤ ጉብታውን ብቻ እየነካ ጉድጓዱን ይዘላል፣ እንጨቱ የሚቀናውም በዚህ ነው። መካከለኛው ብዙ ለማንሳት ነው። በአንድ እጅ የሚያዘው ትንሹ ደግሞ እንጨቱ ለተቆረጠበት ጫፍ ነው፤ ከዳር ወደ መሀል ይነዳል፣ ወደ ዳር ከተነዳ ዳሩን ገንጥሎ ይሄዳል። እንጨት እንደ ከብት ጠጉር አቅጣጫ አለው፤ በተቃራኒው የላገው ይቦጭቀዋል። ሥራ ሲቆም መላጊያ በጎኑ ይተኛል እንጂ በስለቱ አይቀመጥም።

ረዳት አናጢ ሆኜ ብቻዬን የተላክሁበት የመጀመሪያው ሥራ መገናኛ አካባቢ አንድ ነጋዴ ቤት ነበር። ወሩ ሐምሌ ነው። የሳሎኑ በር እርጥበት ጠጥቶ አልዘጋ ብሏል። ልጌ ልጌ እንደ ቅቤ እንዲንሸራተት አደረግሁት። ሰውየው መረቁኝ። በጥር ጋሽ ወርቁን አስጠሯቸው፤ እርሳቸውም እኔን ይዘው ሄዱ። በሩ ደርቆ ተሰብስቦ ከመቃኑ ርቋል። ጋሽ ወርቁ ትንሿን ጣታቸውን በክፍተቱ ሰደዱ።

«ይሄ ምንድን ነው?»

«ጥፋቴ ነው።»

«በሩን ብትልጊ ጥሩ ነበር። አንቺ የላግሽው ሐምሌን ነው።»

በክረምት የመጣ ደንበኛ እስከ ጥቅምት ይታገስ፤ ካልሆነለትም ከወረቀት የማይወፍር ብቻ ይነሳለት። ደንቡ ይህ ነበር። ከዚያ ቀን ጀምሮ አልጣስኩትም፤ ደንቡን በመጠበቄም እኮራ ነበር።

ጋሽ ወርቁ ካረፉ በኋላ ሥራ ቤቱ ለሕንፃ ተፈለገና ተዘጋ። ረጅሙንና ትንሹን መላጊያ ይዤ ወጣሁ። ጎሮ ውስጥ አንድ መኝታ ያላት ቤት አለችኝ፤ ብቻዬን ነው የምኖረው። አሁን ሰው ሁሉ ኤምዲኤፍ በማሽን ያስቆርጣል። የእንጨት በር የቀረለት ሰው ግን በክረምት ይደውልልኛል፤ እኔም እስከ ጥቅምት ይታገሱ እላለሁ።

ካቻምና ሐምሌ ውስጥ እትዬ ዘሀራ አስጠሩኝ። የወሎ ሰው ናቸው፤ ከእኔ በአሥር ዓመት ይበልጣሉ፣ እንደ እኔም ብቻቸውን ይኖራሉ። የመኝታ ቤታቸው በር የዝግባ ነው፤ ወደ ውስጥ ይከፈታል። አብጦ መቃኑን ነክሷል።

«እኔና እሱ በየቀኑ ትግል ነን» አሉኝ። «እስካሁን አቻ ነን።»

«አሁን ብልገው በጥር ንፋስ ያስገባብዎታል። እስከ ጥቅምት ይታገሱኝ።»

«አንቺ ካልሽ ይሁን፣ ልጄ። አንቺ ነሽ የምታውቂው።»

ሻይ አጠጥተው ሸኙኝ። ሰው የመጣላቸው ከብዙ ጊዜ በኋላ እንደሆነ ከስኒው ላይ አቧራ ሲያብሱ አይቻለሁ። አይቼም ሄድኩ።

ሁለት ሳምንት ሳይሞላ ከድር ደወለልኝ። ከድር ከቤታቸው ማዶ ሱቅ ያለው ነው። «እማማ፣ መላጊያዎን ይዘው ቶሎ ይምጡ» አለኝ። እትዬ ዘሀራ ንጋት ላይ ለሶላት ሲነሱ በሩ አልከፈት ብሏቸዋል። ከውስጥ ያለ ሰው መሳብ ነው የሚችለው። ሲስቡ እጀታው ተነቅሎ እጃቸው ላይ ቀረ። ስልካቸው ሳሎን ነበር። ከድር እስከ ዘጠኝ ሰዓት ዳቦ ሊወስዱ እንዳልመጡ ሲያስተውል በቁልፍ ሠሪ የውጭውን በር አስከፈተ፣ የመኝታ ቤቱንም በትከሻው ገፍቶ ገባ።

ስደርስ አልጋው ጠርዝ ላይ ተቀምጠዋል። እጀታውን አላስቀመጡትም።

«ጥፋቱ የእኔ ነው» አልኳቸው።

«ኧረ አብሽሪ! ዛሬ አሸነፈኝ እንጂ ነገ የእኔ ተራ ነው።» እጀታውን እያገላበጡ «መጀመሪያ ያንቺን ስም ጠራሁ፣ የከድርንም ጠራሁ። የሞቱትንም ጠራሁ። በኋላ የምጠራው ስም አለቀብኝ» አሉ።

ከከድር ጋር በሩን ከማጠፊያው አወረድነውና በሁለት ወንበር ደገፍነው። ረጅሙን መላጊያ አንስቼ በአንድ ዓይኔ ሥሩን አየሁ፤ ምላጩን ከለመድኩት በላይ አወጣሁት። እርጥብ እንጨት ሲላግ ፍቅፋቂው እየከበደ ይወድቃል። ጠርዙን ከላይ እስከ ታች ሄድኩበት፣ ደገምኩ፣ ሠለስኩ። የላይኛውን ጫፍ በትንሹ መላጊያ ከሁለቱም ዳር ወደ መሀል ነዳሁት። ስንሰቅለው ጣቴ በክፍተቱ ገባ።

«እማማ፣ አልበዛም?» አለ ከድር።

«በዝቷል።»

እጀታውን በረጃጅም ብሎን አሠርኩት። እትዬ ዘሀራ ተነሥተው በአንድ ጣት ሳቡት፤ ተከፈተ። ዘጉት፤ እንደገና ሳቡት። አምስት ጊዜ ያህል ሳይሰለቹ እንዲህ አደረጉ።

ቤቴ ስመለስ የራሴን መኝታ ቤት በር ከውስጥ ዘግቼ ሳብኩት። በሁለት እጅ ነው የተከፈተው። ክረምቱ ከገባ ጀምሮ እንዲያ ስከፍተው ነበር፤ ለራሴም እስከ ጥቅምት ታገሺ ብያለሁ። ብጠራ የሚሰማኝን ሰው አሰብኩ። ብዙ አልፈጀብኝም። መላጊያውን ከቦርሳ አውጥቼ በሩን አወረድኩ።

በጥር እትዬ ዘሀራን ልጠይቃቸው ሄድኩ። በበሩ ጠርዝ ጨርቅ ወትፈዋል።

«ንፋሱ ገባብዎት?»

«ገባ። እንግዳ ነው፣ ይግባ።»

ጠርዙ በደንብ ደርቆ ስለነበር ዳግም እርጥበት እንዳይጠጣ ቀለም ቀባሁላቸው። ክፍተቱን ልድፈንልዎት ስላቸው እምቢ አሉ። የእኔም በር ክፍተቱ እንዳለ ነው፤ ብርዱን በጋቢ እችለዋለሁ።

በሙያው ላላችሁ፦ በሐምሌ በር ጥቂት ይላጋል። ብቻውን የሚኖር ሰው በር ከሆነ ግን ብዙ ይላጋል። መላጊያ ከመምረጣችሁ በፊት ከበሩ ወዲያ ማን እንደሚያድር ጠይቁ።