እትዬ አስካለን ዝም ያሰኘሁበት ውሸት

ይህን ለነፍስ አባቴም ተናግሬው አላውቅም። ባሌም ሳያውቀው ሞተ። ለእናንተ የምነግራችሁ ስለማታውቁኝ ነው መሰለኝ።

ቦሌ ሚካኤል የልብስ ስፌት ቤት ነበረኝ። ጥልፉን የሚጠልፉልኝ እትዬ አስካለ የሚባሉ ሴት ነበሩ። በዘጠና አንድ ዓመተ ምሕረት የአንድያ ልጃቸው መርዶ ከጦር ግንባር መጣ። አስከሬን የለ፣ መቃብር የለ። አርባው ካለፈ በኋላ ወደ ሥራ ሲመለሱ፣ መርፌውን በወጉ ቁጥር በቅዳሴ ዜማ፣ በዝግታ፣ «አደራህን ጌታዬ፣ አደራህን» ማለት ጀመሩ። ቀኑን ሙሉ። ሲያዜሙ እጃቸው አይንቀጠቀጥም፣ እንባቸውም አይወርድም። ይህን አይቻለሁ። አላየሁም ብል እዋሻለሁ።

አንድ ቀን የሙሽራ ቀሚስ ልትለካ የመጣች ደንበኛዬ ፊቷ ተለዋወጠ። «በሰርግ ልብሴ ላይ ሙሾ ይወረድበታል እንዴ?» ብላ ጥላልኝ ወጣች። ምን ነበር «እትዬ፣ ሰው ሲኖር ቀስ ይበሉ» ብላቸው? እሱ ከበደኝ። በእግዚአብሔር ስም መዋሸት ግን አልከበደኝም።

«እትዬ፣ አንድ አባት ጠይቄልዎት ነበር። አምላክን እንዲህ መወትወት እሱን አለማመን ነው፣ ኃጢአት ነው ብለውኛል» አልኳቸው።

መርፌው እጃቸው ላይ ቆመ። «ልጄን ይጎዳብኛል?» አሉኝ።

ያኔ እንኳ መመለስ እችል ነበር። እኔ ግን «አዎ፣ ይጎዳዋል» አልኩ።

ከዚያ ወዲያ አላዜሙም። ሳምንት ሳይሞላ እጃቸው ይንቀጠቀጥ ጀመር፤ ጥልፉም ይበላሽባቸው ጀመር። ባለቤታቸው መጥተው «ቤትም ዝም ብላለች፤ እህልም አትቀምስ። ምን አገኛት?» ቢሉኝ፣ «ሐዘኑ ነው» አልኳቸው። ክረምቱ ሳይወጣ ሥራውን ተዉት።

ከሁለት ዓመት በኋላ ጉርድ ሾላ ታክሲ ስጠብቅ አገኘኋቸው። አጥንታቸው ብቻ ቀርቷል። እውነቱን ልነግራቸው አፌን ስከፍት፣ እጄን ይዘው ቀደሙኝ።

«ያን ጊዜ ባትነግሪኝ ኖሮ እስከ ዛሬ ልጄን ስጎዳው እኖር ነበር። ተባረኪ፣ ልጄ» አሉኝ።

እኔም «አሜን» አልኩ።

ዛሬ በሕይወት የሉም። ልጅ ነበርኩ፣ ገበያዬ ሸሸብኝ ልል እችላለሁ። አልልም። የልጃቸውን ሞት ያመጣው ጦርነቱ ነው፤ ዝምታቸውን ያመጣሁት ግን እኔ ነኝ። እናንተንም ይቅር በሉኝ አልላችሁም። ይቅር ሊሉኝ የሚችሉት እሳቸው ነበሩ፤ እሳቸው ደግሞ ምን እንዳደረግኩ ሳያውቁ መረቁኝ።