በእናቴ አንሶላ ላይ የሣልኩት ከተማ

የቀለምና የነጭ ጋዝ ሽታ በሸተተኝ ቁጥር ሀርጌሳ፣ ኮድቡር ሰፈር ውስጥ ተከራይተን የኖርንባት ጠባብ ግቢ ትመጣብኛለች። አባቴ የሱቅ ግድግዳ ሠዓሊ ነበር፤ ዋሄን ገበያ እየዋለ በየሱቁ ፊት የሚሸጠውን ነገር፣ ጎማውንም ሳሙናውንም፣ እየሣለ ያስተዳድረን ነበር። እናቴ የባቲ ልጅ ናት፤ ልብስ ስታጥብ ሰው አለመኖሩን አረጋግጣ፣ አረፋ የያዘ እጇን ወገቧ ላይ አድርጋ ትከሻዋን ትሰብቅ ነበር። እኔ ከሁለቱም ወሰድኩ።

በጋው ገብቶ ውሃ በአህያ ጋሪ መመላለስ ሲጀምር፣ ከጎረቤታችን ልጅ ከሆዳን ጋር ግቢያችን ውስጥ እየጨፈርን እናመሽ ነበር። እሷ የሶማሌውን ጭፈራ፣ ዳንቶን፣ ስታሳየኝ እኔ የእናቴን እስክስታ እየጨመርኩበት፣ ውሎ አድሮ የራሳችን የሆነ ጭፈራ ወጣው።

ዝናቡ ሲመጣ ትምህርት ቤታችን ለዓመቱ መዝጊያ ጭፈራ ፈለገ። መምህርታችን የእኛን አይታ ወደደችውና ለሌሎቹ ልጆች እንዳስተምር አዘዘችኝ። ከመድረኩ ጀርባ የሚሰቀል ሥዕልም ሲያስፈልግ እናቴ ነጭ አንሶላዋን ሰጠችኝ፣ አባቴ ቀለም በጠበጠልኝ፣ እኔም ከተማዋን ከነፍየሎቿና ከነቆርቆሮ ጣሪያዎቿ ሣልኩበት።

በበዓሉ ዕለት ወላጆች ተሰብስበው፣ እኛም ተሰልፈን ስንጠብቅ መምህርቷ ክንዴን ይዛ ከሰልፉ አወጣችኝ።

«አንቺ እዚህ ቁጭ በይ። ትልልቅ እንግዶች መጥተዋል፤ የአገራችንን ባህል የሚያሳዩት የአገራችን ልጆች ናቸው።»

«ያስተማርኳቸው እኮ እኔ ነኝ» አልኳት።

«እናመሰግናለን። አሁን ቁጭ በይ።»

አባቴ አይቶ መጣ። ይቆጣልኛል ብዬ ስጠብቅ፣ አንገቱን ደፍቶ «ምንም አይደል፣ እኛም እዚህ እንግዶች ነን» አላት። ከእሷ ቃል ይልቅ የእሱ አንገበገበኝ። እዚያው የተወለድኩ ልጅ የማን እንግዳ ነኝ?

እናቴ ግን ቀሚሷን ሰብስባ መድረኩ ላይ ወጣችና ሥዕሉን ከሚስማሩ እያላቀቀች ማጠፍ ጀመረች። ርእሰ መምህሩ «ሴትዮ፣ ምን እያደረግሽ ነው?» ቢላት፣ በተሰባበረ ሶማሊኛዋ «አንሶላዬን እየወሰድኩ ነው። ልጄ ያልቆመችበት ቦታ እሱም አይሰቀልም» አለችው። አንሶላውን በብብቷ ይዛ፣ እኔን እየመራች ከአዳራሹ ወጣች። ሆዳን ከሰልፉ ወጥታ ተከተለችን፤ እናቷም «ወላሂ እውነቷን ነው» እያለች ከኋላችን ተነሣች።

የዚያኑ ዕለት ግቢያችን ውስጥ፣ ጎረቤት ሁሉ ባለበት ጨፈርን። አባቴ በሩ ላይ ቆሞ አየን እንጂ አልተቀላቀለንም።

ዛሬ መተዳደሪያዬ ይኸው ነው፤ እጨፍራለሁ፣ እሥላለሁ፣ ጭፈራዬንና ሥዕሌን አንድ ላይ አድርጌ በቪዲዮ እቀርጻለሁ። ያኔ ክንዴን ይዘው ነበር የሚያወጡኝ፤ አሁን በፈገግታ ነው። በቅርቡ እዚያው ሀርጌሳ አንድ የትርዒት አዘጋጅ ቢሮው ጠርቶኝ፣ ሻይ አስቀርቦ፣ «ሥራሽ ግሩም ነው፤ ፕሮግራሙ ላይ ግን የቤተሰብሽ አገር ባይጠቀስ አይሻልም?» አለኝ። ካልተጠቀሰ አልቀርብም ብዬው ወጣሁ።

ለአባቴ ነገርኩት። አርጅቷል፤ እጁ ብሩሽ አይጨብጥም። «ልክ ነሽ» አለኝ። ደስ አለኝ። ወዲያው ደግሞ ተናደድኩ፤ ይህችን ቃል ያን ጊዜ፣ ትንሽ ልጅ ሳለሁ ነበር የምፈልጋት።