የእማዬ ዘንዶዎች

ሊፍት የሚጠግን ሰው በሊፍት የሚወጣና የሚወርድ ይመስላችኋል አይደል? ኧረ ወዲያ! ሊፍቱ ተበላሽቶ አይደል እንዴ የተጠራው? በእግሩ ነው የሚወጣው። የመሣሪያ ሳጥኑን በትከሻው አንጠልጥሎ፣ እያለከለከ፣ በየወለሉ ብቅ እያለ «መቼ ነው የሚሠራልን?» ለሚለው ሁሉ «አሁን፣ አሁን» እያለ እስከ ጣሪያ ይወጣል። የዚህ ታሪክ ባለቤት መካኒኩ ዕድሜውን የፈጀው እንዲህ ነው። ጉልበቶቹ ከእሱ ቀድመው አርጅተዋል።

ከሥራ ሲመለስ ደግሞ ሁለተኛው ፈረቃ ይጠብቀዋል። ሁለተኛው ፈረቃ እናቱ ናት።

እናቱ ድሮ የከተማ አውቶቡሶች ስምሪት ኃላፊ ነበረች። ጠዋት የትኛው መኪና ቀድሞ ይውጣ፣ የትኛው ግቢ ውስጥ ይቆይ፣ የትኛው ሹፌር በየትኛው መስመር ይመደብ የምትለው እሷ ነበረች። ሹፌሮቹ ከኋላዋ ያሟታል፤ ፊት ለፊቷ ግን ወንድ የሆነ ትንፍሽ ይበል! አንዴ ቀና ብላ ካየችው ሹፌሩ ምንም ሳይባል ቁልፉን አንስቶ ይሄዳል። እንግዲህ ያቺ ሴት ናት ዛሬ ትራስ ተደግፋ አልጋ ላይ የምትውለው። ስትሮክ መታትና ቀኝ ጎኗ አልታዘዝ አለ፤ ምላሷም ተያዘ። ይባስ ብሎ አዎና አይደለም ተቀላቀሉባት። ውኃ ስትፈልግ ራሷን ትወዘውዛለች፣ ሳትፈልግ ትነቀንቃለች፣ ከዚያ በራሷ ትናደድና ፊቷን ወደ ግድግዳው ታዞራለች። ሐኪሙ «የምንላት ይገባታል ወይ?» ተብሎ ሲጠየቅ «ሊገባትም ላይገባትም ይችላል» አለ። መልስ ተገኘ ተብሎ ተሄደ።

መካኒኩ «እትዬ» የሚላት ታላቅ እህት አለችው፤ ሌላ ከተማ የባንክ ቅርንጫፍ ሥራ አስኪያጅ ናት። ክፉ ሰው አይደለችም። ስትደውል ግን ወሬዋ ሁልጊዜ እዚያው ላይ ነው የሚያርፈው።

«ወንድምዓለም፣ እማዬ እኮ የለችም። ያለው ገላዋ ነው። እዚህ እኔ ጋ ጥሩ መጦሪያ አለ፣ ነርስ አለ፣ ሁሉ አለ። አንተ ደግሞ አልቀሃል።»

«ሁሉ ነገር ይገባታል እትዬ።»

«በምን አወቅህ?»

በምን እንዳወቀ ምን ብሎ ይንገራት? እሱስ መቼ አውቆ!

የካርታ ጨዋታው የመጣው በአጋጣሚ ነው። ፊዚዮቴራፒስቷ «ደህናው እጇ እንዳይቦዝን፣ ጣቷን የሚያሠራ ነገር ፈልግላት» አለችው። መካኒኩ ደግሞ መለዋወጫ እስኪመጣለት የሊፍቱ ማሽን ክፍል ውስጥ ቁጭ ብሎ የሚጫወታት የካርታ ጨዋታ በታብሌቱ ላይ ነበረችው። ጨዋታዋ ቀላል ነች። ካለህ ካርታ ውስጥ የምትዋጋባቸውን መርጠህ ታሰናዳለህ፤ ይህን ተጫዋቾቹ «ዴክ» ይሉታል። ከዚያ የማታውቀው ሰው ከሌላ የዓለም ጫፍ ይገጥምሃል። በየተራህ ከዴክህ አንድ ካርታ እጅህ ላይ ይመጣል፣ አንድ አንድ እሳትም ይጨመርልሃል፤ ካርታ የምትጠራው በእሳት ነው። ትንንሹ በአንድ በሁለት እሳት ይወጣል፣ ትልልቁ ብዙ ይፈልጋል። የመካኒኩ ዴክ የዘንዶ ነበር። ዘንዶ ይወዳል፤ ምን ታደርጉታላችሁ።

ታብሌቱን ጭኗ ላይ ሲያስቀምጥላት መጀመሪያ ገፋችው። በማግስቱ ግን ከሥራ ሲመለስ አፍጥጣ ስትጫወት አገኛት። ተሸንፋ፣ ተሸንፋ፣ አሁንም ተሸንፋ። ቀን ቀን የምትጠብቃት ጎረቤታቸው፣ አፏ ስለማያርፍ የሰፈሩ ሰው «ሬዲዮ» የሚላት፣ በሩ ላይ ተቀበለችው።

«ምሳዋን እንኳን አልበላ አለችኝ! በዚያ እባብህ ላይ ተደፍታ ነው የዋለችው!»

«ዘንዶ ነው።»

«ምንም ይሁን፣ ክንፍ ያለው እባብ ነው።»

ከዚያ ቀን ጀምሮ መካኒኩ አንድ ሐሳብ ያዘው። እማዬ ካሸነፈች፣ እትዬ ዓይኗ እያየ ካሸነፈች፣ «በምን አወቅህ» ለሚለው መልስ ተገኘ ማለት ነው። በየቅዳሜው ከሰዓት ማንም የሚገባበት ውድድር አለ። መዘገባት። ለእህቱም ደወለ።

«ቅዳሜ ነይ። ስትጫወት በዓይንሽ እዪ። ካልገባት፣ ውሰጃት። አልከራከርሽም።»

ይህን ከአፉ ካወጣ በኋላ ቢመልሰው በወደደ። ግን ወጥቷል፣ አይመለስ።

እንግዲህ ዴክ መሥራት ተያዘ። የሚያሸንፍ ዴክ ማለት ቀልድ አይደለም። መካኒኩ የምሳ ሰዓቱን ሠዋ። ሌሎች ሲጫወቱ የሚያሳዩ ቪዲዮዎችን ማሽን ክፍል ውስጥ፣ ሞተሩ ላይ ተደግፎ፣ በእንቅልፍ እጦት የቀላ ዓይኑን እያሸ ያያል። የሊፍት ሰው ደግሞ ምንጊዜም የሚያስበው ስለ ከባዱ ጭነት ነው። ገመዱ ስንት ይሸከማል? ሞልቶ ቢወጣ ይችላል ወይ? ባዶውን ሊፍትማ ማን ይፈራዋል! ስለዚህ ዴኩንም እንደዚያው ሠራው፤ ጥቁሩ ንጉሥ፣ ባለ ሦስት ራሱ፣ እሳተ ገሞራው፣ ያሉትን ግዙፍ ዘንዶዎች ሁሉ አጨቀበት። አንዱ ብቻ ሜዳ ላይ ቢወጣ ባላጋራው ያለቀለት ነው።

ችግሩ ሜዳ ላይ እስኪወጣ ነው። እሳቱ እስኪጠራቀም እማዬ እጇ ላይ ሙሉ ዘንዶ ታቅፋ፣ ባላጋራዋ በትንንሽ ወታደሮች እየወገራት ታልቃለች።

ደግሞ ሌላ ጣጣ መጣ። ጠዋት አሰናድቶት የሚሄደው ዴክ ሲመለስ ተበላሽቶ ይገኛል። ባለ ሦስት ራሱ የለም፤ በእሱ ቦታ ጫጩት ዘንዶ ገብታለች። እሳተ ገሞራው የለም፤ እንቁላል ጠባቂ የምትባል፣ ማንም ከቁም ነገር የማይቆጥራት ካርታ ተሰክታለች። ጫጩት ማለት ስትነካ የምትሞት ነገር ናት፤ ሙያዋ ስትሞት ለትልቁ ዘንዶ የሚፈለገውን እሳት መቀነስ ብቻ ነው።

«ጣቷ እየሳተ ነው» አለ መካኒኩ፣ ለሬዲዮ።

«ኧረ እሷው ናት የምታወጣው! ቁጭ ብዬ እያየኋት! ያንን ባለ ሦስት ራሱን እየጎተተች ወዲያ!»

ሬዲዮ የማትለው የለምና አልሰማትም። «አይዞሽ እማዬ፣ አስተካክልልሻለሁ» ይላታል፤ ጫጩቶቹን አውጥቶ ግዙፎቹን ይመልሳል። እናቱ ፊቷን ወደ ግድግዳው ታዞራለች። በማግስቱ ጫጩቶቹ ተመልሰዋል። እሱ ደግሞ ያወጣል። እንዲህ ሲጓተቱ ሳምንቱ አለቀ። ድካሙ ላይ ድካም ተጨመረበት፤ ዓርብ ዕለት አንድ ሕንፃ ላይ ቆሞ የያዘውን መፍቻ ለምን እንደያዘው ጠፋው።

ቅዳሜ እትዬ መጣች። በአንድ እጇ ብርቱካን፣ በሌላው ባዶ ሻንጣ። ሻንጣውን አልጋው ሥር ስታስቀምጥ መካኒኩ አየና አላየሁም አለ።

«እማዬ! እኔ ማነኝ? እስቲ ንገሪኝ! ይኼ ምንድነው? ብር-ቱ-ካን!»

እናቲቱ ፊቷን አዞረች።

«አየህ?» አለች እትዬ።

«እንደ ሕፃን ስለምታናግሪያት ነዋ! እኔንም ብትዪኝ አዞራለሁ።»

መካኒኩ ታብሌቱን፣ ጠዋት ካስተካከለው ዴክ ጋር፣ እናቱ ጭን ላይ አስቀመጠው። ውድድሩ ሊጀመር ትንሽ ቀርቶታል። እህትና ወንድም አልጋው ግራና ቀኝ ቆመው ተያዩ። መጀመሪያ የተነሳው ስለ መድኃኒቷ ነበር፤ ከመድኃኒቱ ወደ አልጋ ቁስሉ፣ ከአልጋ ቁስሉ ደግሞ ማን ስንት ጊዜ መጣ፣ ማን ቀረ ወደሚለው ተሄደ። የቤተሰብ ጠብ ታውቁት የለ፣ መንገዱን ራሱ ነው የሚያገኘው።

«እኔ ልርዳህ ነው ያልኩት!» አለች እትዬ። «ራስህን በመስታወት አይተኸዋል? አስከሬን መስለሃል እኮ!»

በዚህን ጊዜ መካኒኩ ውስጥ የሆነ ነገር ተበጠሰ።

«አዎ ደክሞኛል! ምን ልበልሽ? ደክሞኛል! ስታስል እደነግጣለሁ፣ ዝም ስትልም ሞተች ብዬ እደነግጣለሁ። ሥራ ቦታ ሆኜ እሷን፣ እዚህ ሆኜ ሥራውን። ሚስት የለኝ፣ ጓደኛ የለኝ፣ ሰው ‹እንዴት ነህ› ሲለኝ ‹ደህና ናት› ነው የምለው። አንዳንዴማ… ምናለ ያን ዕለት ጨርሶ ወስዷት ቢሆን እላለሁ። እሷም ታርፍ፣ እኔም አርፍ።»

እትዬ አልጮኸችም። «ይኼንኑ አይደል የምልህ» አለች ቀስ ብላ። ታብሌቱ ጡሩምባውን ነፋ፤ ውድድሩ ተጀመረ።

መካኒኩ ጎንበስ ብሎ አየና «ወይኔ ጉዴ!» አለ። እጇ ላይ የመጡት ካርታዎች ጫጩት፣ እንቁላል ጠባቂ፣ አሁንም ጫጩት ናቸው። እነሱ ሲጨቃጨቁ ጣቷ ሥራ ላይ ነበር። ዴኩ ተቀይሯል፤ ውድድር ከተጀመረ ደግሞ ማስተካከል የለም።

«ምን ሆነ?» አለች እትዬ።

«አለቀልን።»

ባላጋራው ጎበዝ ነው፤ ከመጀመሪያው ተራ ጀምሮ ወታደሮቹን አፈሰሰ፤ የቱንም ዘንዶ በአንዴ የሚገድለውን የጦር ካርታ ደግሞ እንዲህ ያለ ተጫዋች እጁ ላይ አያጣም። እማዬ ጫጩቷን አወጣች። ተገደለች። እንቁላል ጠባቂዋን አወጣች፤ እሷ ደግሞ ትንሽ ገትራ ያዘች። ሌላ ጫጩት። የግራ እጇ ጣት ስክሪኑ ላይ ከማረፉ በፊት ትንሽ ይቆያል፣ ከዚያ አንዴ፣ በትክክል ያርፋል። መካኒኩ ይህን ሲያይ የመጀመሪያው ነው። እስከ ዛሬ ሲመለስ የሚያየው ዴኩን እንጂ ጣቷን አልነበረማ።

ጥቂት ተራ እንዳለፈ ጥቁሩ ንጉሥ እጇ ላይ መጣ። ከግዙፎቹ መሃል እሱን ብቻ ነበር ያስቀረችው። ጫጩቶቹ ስለሞቱ መጥሪያ እሳቱ ቀንሷል፤ አሁኑኑ ሊወጣ ይችላል።

«አውጪው!» አለ መካኒኩ። «እማዬ፣ አውጪው እንጂ! ምን ትጠብቂያለሽ!»

አላወጣችውም። ቀና ብላ አየችው። ያን አስተያየት መካኒኩ ልጅ ሆኖ ስምሪት ክፍሉ ውስጥ ሲጫወት ያውቀዋል፤ ሹፌር ሳይነገረው ቁልፍ አንስቶ የሚሄድበት ነው። አንድ እርምጃ ወደ ኋላ አለ። እማዬ ወደ ታብሌቱ ተመለሰችና በንጉሡ ፈንታ የመጨረሻዋን ሚጢጢ ጫጩት ሜዳው ላይ ላከች። ባላጋራው ትዕግሥቱ አልቆ ነው መሰል፣ ለትልቅ ዘንዶ ያስቀመጠውን ያንን ጦር በጫጩቷ ላይ ጣለው። ጦር አለቀ። በሚቀጥለው ተራ ጥቁሩ ንጉሥ ወጣ፤ የሚያቆመውም አልተገኘ።

«አሸነፈች!» መካኒኩ ያ ሁሉ የጉልበት ሕመም የት እንደገባ እንጃ፣ ዘለለ። «አየሽ? ጦሩን አስጨረሰችው እኮ! አውቃ ነው! ሳምንቱን ሙሉ እኔ ደንቆሮው ነኝ ሳበላሽባት የከረምኩት! ስምሪት ላይም ጠዋት ትንሹን መኪና ነበር የምታስወጣው፣ ትልቁን ሰው ሲበዛ!»

እትዬ እያለቀሰች የእናቷን ፊት በሁለት እጇ ያዘች። «እማዬ፣ ይቅር በዪኝ። ይገባሻል እኮ! ሁሉ ነገር ይገባሻል!» ከዚያ ወደ ወንድሟ ዞረች። «በቃ። የትም አትሄድም። ተረትተሻል ብትለኝ ተረትቻለሁ።»

መካኒኩ እየሳቀ ነበር። ሳቁ መሃል ላይ ቆመ።

ሁሉ ነገር ይገባታል። የጨዋታው ብቻ አይደለም። ቅድም «ምናለ ወስዷት ቢሆን» ያለውም፣ በየስልኩ ያለውም። ይገባታል እያለ ከሰው ሁሉ ጋር የተከራከረው እሱ ነው፤ አጠገቧ ቆሞ ድምፁን ዝቅ እንኳ ያላደረገውም እሱ ነው። አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጠ።

«እማዬ… ቅድም እኮ… ተናድጄ ነው። ድካም ነው ያናገረኝ። ከልቤ አይደለም።»

እናቱ ታብሌቱን ወደ ጎን አደረገችው። በግራ እጇ ጉልበቱን ቸብ ቸብ አደረገችለት። ቁጣ ፊቷ ላይ ቢፈልግ አጣ፤ ቢያገኘው ይሻለው ነበር። ከዚያ እጇን አንስታ አልጋው ሥር ወዳለው ሻንጣ ጠቆመች።

«ይውጣልሽ? እሺ፣ አወጣዋለሁ» ብሎ ብድግ አለና ሻንጣውን ወደ በሩ ይዞ ሄደ። እናቱ ፍራሹን በመዳፏ መታችው። ዞሮ አያት። በድጋሚ ወደ ሻንጣው፣ ከዚያ ወደ እትዬ ጠቆመች።

«እንዴ፣ አይሆንም! አትሄጂም ተባለ እኮ! አሸንፈሻል እኮ እማዬ!»

እናቱ ትራሷ አጠገብ የነበረውን ሻሽ ሳበች፣ አልጋው ላይ አኖረችው። ቀጥላ የሌሊት ልብሷን ሳበች። እትዬ አፏን በእጇ ይዛ ቆማለች፤ መካኒኩ ዓይን ዓይኗን ያያል፣ አንድ ነገር እንድትልለት። ምን ትበለው? አልገባትም፣ ተሳስታ ነው እንዳይባል፣ በዚያ ክፍል ውስጥ አሁን ይህን ሊል የሚችል ሰው አልቀረም።

መካኒኩ ሻንጣውን መልሶ አምጥቶ አልጋው ላይ ከፈተው። እናቱ የሌሊት ልብሱን ለማጠፍ ትታገላለች፤ አንዱን ጫፍ ስትይዝ ሌላው ያመልጣታል። ዝቅ ብሎ ሌላኛውን ጫፍ ያዘላትና አብረው አጠፉት።