ጋሽ ጠጋ ዘንድሮ አልመጣም

ምላጩን እንደያዘ ነው በጓሮ በር የወጣው። ሽርጡን ከወገቡ አልፈታም፣ ግራ እጁ ላይ ያለው የሳሙና አረፋ አልደረቀም፤ ውስጥ ወንበሩ ላይ ደግሞ አንድ የታክሲ ሾፌር ግማሽ ፊቱ ተላጭቶ ግማሹ በአረፋ እንደተለቀለቀ ተቀምጧል። ሳቁ እስከ ጓሮ ተከተለው። ከዚያ ሳቁ ቀጥ አለ።

ሰውየው ፀጉር አስተካካይ ነው። በሰፈሩ ግን በሙያው የሚጠራው የለም፣ ጋሽ ጠጋ ነው የሚሉት። ነገሩ እንዲህ ነው። ልጁ ጡት ሳትጥል የተጀመረ፣ አሁን እሷ ራሷ አግብታ ወልዳ እንኳ ያላለቀ አንድ አስቂኝ የቴሌቪዥን ድራማ አለ። በዓመት አንዴ፣ በገናው ክፍል፣ የዚያ ቤት ደወል ይጮኻል። ባልና ሚስቱ ይተያያሉ። በሩ ሲከፈት ማንም ያልጠራው አጎት ሻንጣውን አንጠልጥሎ ይገባና ቀጥ ብሎ ወደ ሶፋው ሄዶ “እስቲ ጠጋ በሉልኝ” ይላል። መሀላቸው ሲቀመጥ ባልየው በዚያኛው ጫፍ ዘጭ። አለቀ። ያ አጎት እሱ ነው። ዓመቱን ሙሉ ፀጉር ሲቆርጥ ይከርምና አንድ ቀን አጎት ይሆናል።

ያቺ አንድ ቀን ግን ዓመቱን ሙሉ ታኖረው ነበር። አውቶቡስ ላይ ሲወጣ ሰው ሳይጠየቅ ጠጋ ይልለታል። አንዴ ሚስቱ ታማ ሐኪም ቤት ቢወስዳት፣ ነርሷ ገና ስታየው “ጋሽ ጠጋንማ አናስጠብቅም” ብላ ከሰልፉ አውጥታ አስገባቻቸው። ከፀጉር ቤቱ ጎን ያለው ልብስ ሰፊ ብቻ ነው የማይዋጥለት።

“ሦስት ቃል ተናግሮ እንዲህ የተኮፈሰ ሰው አይቼ አላውቅም” ይለዋል።

“አንተ ቀኑን ሙሉ ስታወራ ትውላለህ፣ ማን ሰማህ?” ይለዋል እሱም።

ዘንድሮ ስልኩ አልጮኸም። ጠበቀ፣ ጠበቀ፣ በመጨረሻ ካፖርቱን አራግፎ፣ ሻንጣውን ይዞ ራሱ ሄደ። የስቱዲዮው ዘበኛ ሁልጊዜ ሲያየው ወንበሩን እየጎተተ “ጠጋ ልበልልህ?” ይለው ነበር። አሁን ወንበሩን አልነካም።

“ጋሼ፣ የገናው እኮ ተቀርጾ አለቀ። አልነገሩህም?”

ባዶ ሻንጣ ይዞ ከተማውን ሲዞር ዋለና ሲመሽ ቤቱ ገባ።

“እንዴት ነበር?” አለች ሚስቱ።

“ደህና።”

“ጠጋ አሉልህ?”

“አሉልኝ” አላት።

ነገሩ እዚያ ቢቀር ደግ ነበር። እሷ ግን ለጎረቤቱ ሁሉ አወራች። ዛሬ ደግሞ የቤታቸውን ቴሌቪዥን አሸክማ አምጥታ ፀጉር ቤቱ ውስጥ ከመስተዋቱ ጎን አስቀመጠችው። ሰው አግዳሚው ላይ ተጣበበ። ልብስ ሰፊው ሳይቀር ሥራውን ትቶ መጣ። ሾፌሩ “በል ጀምረኝ፣ እየተላጨሁ አይሃለሁ” ብሎ ወንበሩ ላይ ወጣ። ጋሽ ጠጋም እጁ ሥራ በመያዙ እፎይ አለ። ምናልባት የአምናውን ቆርጠው ያስገቡት ይሆናል ብሎ እየለመነም ነበር፣ ማንን እንደሚለምን እንጃ።

ደወሉ ጮኸ።

“ዝም በሉ፣ ደረሰ” አለች ሚስቱ።

በሩ ተከፈተ። የገባችው አንዲት ቆንጆ የጎረቤት ልጅ ናት።

“ውይ፣ አጎትህ መስሎኝ ደንግጬ” አለች የድራማዋ ሚስት።

ባልየው ሶፋው ላይ እግሩን ዘረጋ። “አጎቴማ ሞተ እኮ፣ አልነገርኩሽም? ይኸው ሶፋዬ ላይ ተመችቶኝ ተቀመጥኩ።”

ቴሌቪዥኑ ውስጥ ሳቅ ፈነዳ። ፀጉር ቤቱም አብሮ ሳቀ፣ ቀልዱ የማን እንደሆነ ሳያስብ። የራሱ ሚስትም ሳቀች። እሱ በመስተዋቱ ውስጥ አያት፣ ሳቋ ሳያልቅ አፏን በእጇ ስትይዝ። ያኔ ነው የወጣው።

አሁን ጓሮ ድረስ ተከትላው መጣች።

“ያንተን ቆርጠው ጥለውት ነው አይደል?” አለችው ቀስ ብላ። “ልንገራቸው? ተቀርጾ ነበር፣ ቆረጡት ልበላቸው?”

እሺ ቢላት ይበቃ ነበር። እሷም ትነግርለታለች፣ ሰውም ያምናል፣ ባያምን እንኳ ያመነ ይመስላል።

“አልጠሩኝም” አላት።

“ያን ቀን ሻንጣ ይዘህ…”

“ስዞር ነው የዋልኩት።”

“ለነሱስ ይሁን” አለች። “እኔን ምን ብለህ ነው የምትዋሸኝ? እኔ ሶፋ ላይ ነው እንዴ የማውቅህ?” መልሱን አልጠበቀችም፣ በጓሮው የውጭ በር ወጥታ ወደ ቤት ሄደች።

ከውስጥ የልብስ ሰፊው ድምፅ መጣ። “ኧረ ሟቹን ጥሩልን፣ ሰውየው በግማሽ ፂም ሊያድር ነው።”

አንድ ሰው ሳቁን ሊውጥ ሞክሮ አመለጠው። ሟቹ። ነገ ዳቦ ቤቱም፣ አውቶቡሱም እንዲህ ብሎ እንደሚጠራው ጋሽ ጠጋ ወዲያው ገባው። ስም እንዴት እንደሚወጣ ያውቃላ፣ ወጥቶበት።

እጁ ላይ ያለው አረፋ ደረቀ። ሾፌሩ ቢያንስ ሌላኛው ጉንጩ መላጨት አለበት። ምላጩን በሽርጡ ጠረገና በሩን ያዘ፣ ግን አልገፋውም። ገብቶ ምን እንደሚላቸው አያውቅም። ማታ ሚስቱን ምን እንደሚላትም አያውቅም።